የድልድዩን ዘብ በግምገማ ሰዓት ማን ገደለው?

ለክቡር ኦቦ ወሰኑ ሂርጳ
የቡርቃ የወጣቶች መዝናኛና ንባብ ማዕከል ኃላፊ
አምቦ

ጉዳዩ፦ የድልድዩን ዘብ አሟሟት ይመለከታል

ክቡር ሆይ፣

ከሁሉ አስቀድሜ ለእርስዎ፣ ለውድ ባለቤትዎና ለልጆችዎ፣ እንዲሁም ከእርስዎ ኪስ ወጥቶ ለማያውቀው የጌም ክፍሉ ቁልፍ የአክብሮት ሰላምታዬን አቀርባለሁ። አካም ጅርቱ፣ ጤናዎ እንዴት ሰንብቷል? በተለይ አውራ ጣቶችዎን እግዚአብሔር ይጠብቅልኝ፤ ባለፈው ዓርብ ከሰዓት በኋላ በጣም ሳይደክሙ እንዳልቀሩ የሚያሳዩ አንዳንድ ምልክቶች አሉ። እኔ በምሠራበት መድኃኒት ቤት ለጣት ሕመም የሚሆን ጥሩ ቅባት ስለገባ፣ በሚመችዎ ጊዜ ጎራ ቢሉ ለምን እንደታመሙ አንድም ጥያቄ ሳላነሳ አስተናግድዎታለሁ።

ስሜ ኤቢሴ ረጋሳ ይባላል። በመናኸሪያው አጠገብ ባለው መድኃኒት ቤት የምሠራ ፋርማሲስት ነኝ፤ እርስዎ ግን የሚያውቁኝ ከሥራ ስትወጣ ነጭ ጋዋኗን ሳታወልቅ ወደ ማዕከሉ እንደምትመጣው ሴትዮ ነው። መጀመሪያ የመጣሁ ዕለት በር ላይ ቆመው ማንን እንደምፈልግ በትሕትና ጠየቁኝ፤ ጌም ልጫወት ነው ስልዎ ደግሞ ልጄን ይዤ መጥቼ እንደሆነ በድጋሚ በትሕትና ጠየቁኝ። ስለዚያ ዕለት መስተንግዶ እስከ ዛሬ ሳላመሰግንዎት በመቆየቴ ይቅርታ እጠይቃለሁ።

ይህን ደብዳቤ በአደባባይ ያወጣሁት እርስዎን ለማሳፈር አስቤ አይደለም። በአስተያየት መስጫው ሳጥን እንዳልከተው የሳጥኑም ቁልፍ በእርስዎ ዘንድ ነው፤ ሥራዬ ደግሞ ጠርጣራ አድርጎኛል። የሐኪም ማዘዣ በመጣልኝ ቁጥር ፊርማው የሐኪሙ ይሁን የሕመምተኛው ሳላጣራ መድኃኒት አልሰጥም። ሰው ሁሉ ውሸታም ነው ብዬ ሳይሆን፣ ሰው የሚፈልገውን ነገር ፊት ለፊት ከመጠየቅ ይልቅ ዙሪያ ጥምጥም መሄድ እንደሚቀለው በየቀኑ ስለማይ ነው። በእርስዎም ላይ ያየሁት ይኸንኑ ነው።

ነገሩን ለማያውቁ አንባቢዎች ትንሽ ላስረዳ። በማዕከሉ የጌም ክፍል ካሉት ማጫወቻዎች ሁሉም የኳስ ሲሆኑ፣ ጥግ ላይ ያለው አንዱ ብቻ ሌላ ጌም ነው። በእሱ ውስጥ አንድ ብቸኛ ጀግና ጥሩር የሚባለውን ከባድ የብረት ልብስ ለብሶና ሰይፍ ይዞ በፈረሱ ከተሞች መካከል እየተዋጋ ያልፋል፤ በየአገሩ መጨረሻ ቦስ የሚባል ኃይለኛ ጠላት ይጠብቀዋል፣ እሱን ሳይጥል ወደሚቀጥለው አይሻገርም። ከሁሉም የከፋው በድንጋይ ድልድይ መካከል ቆሞ ማንንም የማያሳልፈው ነው። በቀኝ እጁ መዶሻ፣ በግራ እጁ ሰንሰለት ይዟል፤ ጀግናው ከጉልበቱ ብዙም አያልፍም። እኛ የድልድዩ ዘብ እንለዋለን። የአምቦ ልጆች ብቻ ሳይሆኑ ከጉደርና ከጌዶ ጎበዝ ነን ብለው የመጡ ሁሉ ሞክረውታል፤ ሁሉንም እዚያው ድልድዩ ላይ አስተኝቷቸዋል።

ይህን ዘብ ለመጣል ስንደክም ከከረምነው መካከል እኔና ጓደኛዬ ሰልሳቢል ነን። ሰልሳቢል የወራቤ ልጅ ናት፤ ከወንድሟ ከአብራር ጋር መናኸሪያው ፊት ለፊት የልብስ ሱቅ ነበራት። በዚህ ከተማ ጆይስቲክ የምትይዝ ሴት እኔ ብቻ እንዳልሆንኩ ያወቅሁት እሷን በዚያ ጥግ ተቀምጣ ሳያት ነው፤ ከዚያን ቀን ወዲህ ከእህት ለይቼ አይቻት አላውቅም። በዚህ ሰኔ እናቷ በጠና ስለታመሙ ሱቁን ለወንድሟ ትታ ወደ ወራቤ ጠቅልላ እንድትመለስ ተወሰነ፤ ጉዞው ቅዳሜ ጠዋት ስለሆነ ዓርብ ከሰዓት በኋላ የመጨረሻችን ሆነ። ዘቡን አብረን ሳንጥል ላንለያይ ተማምለን ነበር። ክቡርነትዎ፣ ለእርስዎ ተራ ጨዋታ የመሰለዎት ነገር ለእኛ ይህ ነበር፤ ተበሳጭቻለሁ፣ አዝኛለሁም፣ ከዚህ በታች የሚነበበው ትሕትና ሁሉ ከዚህ ሐዘን ጋር ይነበብልኝ።

አሁን ወደ ዝርዝሩ ልግባ።

አንደኛ፣ ስለ ደንቡ ላመስግንዎት። በክፍሉ ግድግዳ ላይ በትልልቅ ፊደል "የተሸነፈ ይነሳ" የሚል ደንብ አስለጥፈዋል። ለኳስ ጌም ፍትሐዊ ደንብ ነው፤ ሁለት ሰው ይጫወታል፣ የተሸነፈው ይነሳል፣ ተረኛው ይቀመጣል። እኔና ሰልሳቢል የጥጉን ጌም ማዘውተር በጀመርን ሰሞን ግን እርስዎ በድንገት ይኸው ደንብ ለጥጉም ይሠራል አሉ። ዘቡ ጀግናውን በገደለ ቁጥር የተጫወተው ሰው ተሸንፏልና ይነሳ ተባለ። ዘቡ በበኩሉ ተሸንፎ ስለማያውቅ ተነስቶ አያውቅም፤ በደንቡ መሠረት በማዕከሉ ከማናችንም በላይ ሲስተናገድ የኖረ ደንበኛ እሱ ነው። በዚህ ዓይነት ጌም ሰው የሚማረው እየሞተ መሆኑን፣ አንድ ጊዜ ሞቶ ለተነሳና ተራ ለያዘ ሰው ትምህርቱ ሁልጊዜ ገና ከጅምሩ እንደሚሆን፣ እርስዎን የመሰለ አስተዋይ ሰው ሳይረዳው ቀረ ብዬ ማመን ይከብደኛል። ዘቡ ቶሎ እንዳይሞት የፈለገ ሰው ከዚህ የተሻለ ደንብ ሊያወጣ አይችልም ነበር።

እኛም ለደንብዎ ደንብ አበጀንለት። የሞተ ሰው ከወንበሩ ሲነሳ፣ የገደለውን ነገር ለተረኛው ነግሮ እንዲነሳ ተስማማን። በሌላ ከተማ ይህ ልማድ መኖሩን እንጃ፤ በቡርቃ ግን ማንም ሰው አሟሟቱን ይዞ ወደ ቤቱ አይሄድም። ዛሬ ስለ ዘቡ የሚታወቀው ሁሉ የተገኘው በዚህ መንገድ ነው፤ እርስዎም የዚህ ልማድ ትልቁ ተጠቃሚ ስለሆኑ ከዚህ በታች የምጽፈው ለእርስዎ አዲስ አይሆንብዎትም።

የመጀመሪያውን ትምህርት ያመጣው ባጃጅ ነጂው ሚልኬሳ ነው። ዘቡ መዶሻውን ሁለት ጊዜ አንስቶ ያስፈራራል፣ በሦስተኛው ይመታል። እኛ ሁላችን ወደ ኋላ እንሸሽ ነበር፤ መዶሻው ረጅም ነውና ሸሽተን ሳንጨርስ ያገኘን ነበር። ሚልኬሳ አንድ ቀን ጣቱ ስቶ ወደ ፊት፣ በዘቡ በቀኝ ብብት ሥር ተንከባለለ። መዶሻው ባዶ ድንጋይ መታ፣ ጀግናውም ከዘቡ ጀርባ ቆሞ ተገኘ። ሚልኬሳ ተገርሞ አፉን ከፍቶ ሲመለከት ዘቡ ዞሮ ገደለው፤ ሲነሳ ለተረኛው የነገረው በብብቱ ሥር እንዲገባና ከገባ በኋላ ግን ቆሞ እንዳይደነቅ ነበር።

ሰንሰለቱን የፈታሁት እኔ ነኝ። የዘቡ ደም በግማሽ ሲቀንስ መዶሻውን ያሳርፍና ሰንሰለቱን ወርውሮ ጀግናውን ወደ ራሱ ይስባል። በድልድዩ ግራ በኩል አንድ የተሰበረ ሐውልት አለ፤ ከእሱ ጀርባ ሲቆሙ ሰንሰለቱ ሐውልቱ ላይ ይጠመጠማል፣ ዘቡ ፈትቶ እስኪስበው ድረስ በሰይፍ ሁለት ጊዜ መምታት ይቻላል። ሁለት ብቻ። ሦስተኛውን የቋመጠ ሁሉ ከወንበሩ ተነስቷል። ይህን ለሰው ማስረዳት ለእኔ ከባድ አልነበረም፤ ቀኑን ሙሉ የምሠራው ሁለት ፍሬ የታዘዘለት ሰው ሦስት እንዳይውጥ መለመን ነው።

የመጨረሻው የሰልሳቢል ነው። የዘቡ ደም ሊያልቅ ጥቂት ሲቀረው ይንበረከካል፣ መዶሻውንም ተደግፎ ያቃስታል። ያየው ሁሉ አለቀለት ብሎ ይሮጥበታል፤ የሮጠበትንም ሁሉ ተነስቶ ይጨፈልቀዋል። ሰልሳቢል መጀመሪያ ስታየው ከሳቀች በኋላ፣ ይህ ሰውዬ ውድ ነው ብሎ ከሱቅ እየወጣ ጆሮውን ወደ ኋላ የሚጥል ደንበኛ ነው አለች። አልሮጠችም። ርቃ ቆማ ጀግናውን በጠርሙስ የሚይዘውን የቁስል መድኃኒት አጠጣችው፣ ዘቡም መጠበቁ ሰልችቶት ተነሳ። ይሁንና ሲነሳ መዶሻውን መሬት ላይ ሲጥለው ድልድዩ በሙሉ ይናወጣል፤ ጀግናው ምንም ያህል ቢንከባለል ከመናወጡ አያመልጥም ነበር። ከዚያ ወዲያ አንድ እርምጃ እንኳ የሄደ ሰው አልነበረም። እዚህች ላይ ተጣብቀን ነበር፣ እርስዎም ከእኛ ጋር።

ሁለተኛ፣ ስለ ክትትልዎ ላመስግንዎት። በአደባባይ ይህን ጌም ትውልድ የሚያባክን ጨዋታ ሲሉት ኖረዋል፤ በወላጆች ስብሰባ ላይም ተናግረዋል፣ እናቴ ሳትቀር ሰምታ ነግራኛለች። ሆኖም ትውልዱ ሲባክን ሁልጊዜ ከወንበራችን ጀርባ እጅዎን ወደ ኋላ አጣምረው ሲቆሙ እናይዎት ነበር። ለሪፖርት ነው ይሉን ነበር። ለሪፖርት ብለው የትኛው ቁልፍ ሲጫን ጀግናው እንደሚንከባለል ጠየቁ፤ ለሪፖርት ብለው መድኃኒቱ ከየት እንደሚሞላ ጠየቁ፤ ሰንሰለቱን የፈታሁ ዕለት ደግሞ ለሪፖርት ብለው ሐውልቱ በግራ ነው በቀኝ ሲሉ ድምፅዎ ትንሽ ይንቀጠቀጥ ነበር። ያን ሪፖርት የተቀበለው የበላይ አካል ማን እንደሆነ ባውቅ ደስ ይለኛል፤ ዛሬ በአገራችን ስለ ድልድዩ ዘብ ጠንቅቆ የሚያውቅ መሥሪያ ቤት መኖሩ ያኮራል።

ሦስተኛ፣ ስለ ምሳ ሰዓት። ማዕከሉ በምሳ ሰዓት ተዘግቶ ይቆለፋል፣ ቁልፉም ያው እርስዎ ዘንድ ነው። እኔ የሥራ ዕረፍት ባለኝ ቀን ጀግናውን ከምሳ በፊት በጌሙ ውስጥ በሚያርፍበት እሳት ዳር አስቀምጠን፣ የመድኃኒት ጠርሙሱን ሁሉ ሞልተን እንሄዳለን። ከምሳ ስንመለስ ጠርሙሱ ባዶ፣ ጀግናው ድልድዩ አፍ ላይ ቆሞ እናገኘዋለን። መጀመሪያ የረሳነው መሰለን። ሁለተኛ ሲሆን ሚልኬሳን ጠረጠርን፣ እሱም ምሎ ተገዝቶ ካደ። የጠፋ መድኃኒት ማጣራት ሙያዬ ስለሆነ አንድ ቀን ሆን ብዬ ጀግናውን ከድልድዩ በጣም ሩቅ፣ ሌላ አገር አስቀምጬው ሄድኩ። ስመለስ ያን ሁሉ መንገድ ተጉዞ ድልድዩ አፍ ላይ ደርሷል፤ ወንበሩም ገና ይሞቅ ነበር። እርስዎ በዚያ ሰዓት በር ላይ ቆመው ጥርስዎን በስንጥር እየጎረጎሩ ምሳ ምን ጥሩ እንደነበር ነገሩኝ። ከኋላዎ ግን ያልተከፈተ የምሳ ዕቃዎን አየሁት። ሆድ ይፍጀው ብዬ ገብቼ ጠርሙሱን እንደገና መሙላት ጀመርኩ።

አራተኛ፣ ስለ ዓርብ። ዓርብ ከሰዓት በኋላ ከሥራ ቀድሜ ለመውጣት ለምኜ፣ ሰልሳቢልም ሱቁን ለአብራር ትታ፣ ሁለታችን ማዕከሉ በር ላይ ስንደርስ በሩ ላይ አንድ ወረቀት ተለጥፎ አገኘን፤ ለአስቸኳይ ግምገማ ሲባል የጌም ክፍሉ እስከ ማምሻው ዝግ ነው ይላል። ግምገማው ለምን በስብሰባው አዳራሽ ሳይሆን በጌም ክፍሉ እንደሚደረግ ብንጠይቅ፣ የማዕከሉ ዘበኛ እሱም እንደማያውቅ ነገረን። ተስፋ አልቆረጥንም፤ አጠገቡ ባለው የወይዘሮ ድንቅቱ ሻይ ቤት ቁጭ ብለን እስኪያልቅ ጠበቅን።

ከግድግዳው ወዲያ የኮሚቴ አባላትዎ ድምፅ ይሰማ ነበር። ብዙ ግምገማ አይቻለሁ፣ መድኃኒት ቤትም ይገመገማል። በየትኛውም ግምገማ ግን የተከበሩ ሰዎች በአንድ ድምፅ "ተንከባለል! ተንከባለል!" ሲሉ ሰምቼ አላውቅም። ከዚያ ደግሞ እልልታ። ወይዘሮ ድንቅቱ ሰው የተሾመ መስሏቸው እሰይ አሉ፣ ማን ይሆን ብለውም ጠየቁን። ሰልሳቢል ግን ሻይዋን አስቀምጣ፣ እንደዚያ ባለ ሰዓት ሊስቅ የማይገባው ሰው እንደሚስቀው፣ ከንፈሯን ነክሳ ወደ መንገዱ ዞረች። የመጨረሻው ከሰዓት በኋላችን በዚህ አለቀ፤ በሩ ሲከፈት ሊመሽ ነበር፣ እሷም ሻንጣዋን ገና አልሸከፈችም ነበር።

ቅዳሜ ጠዋት መናኸሪያ ሸኘኋት። ተቃቅፈን ተላቀስን። መኪናው ሊነሳ ሲል ከመስኮቱ አንገቷን አውጥታ፣ "ሰኞ ስትገቢ መጀመሪያ የጀግናውን አናት እዪ" አለችኝ። ሐዘኗን ለመርሳት የምትቀልድ መስሎኝ ነበር።

አምስተኛ፣ ስለ ሰኞ። ሰኞ ከሥራ ወጥቼ ጥጉ ላይ ተቀመጥኩ። ድልድዩ ባዶ ነበር። ዘቡ የለም። ከአምቦ እስከ ጌዶ ያልተቻለው ሰውዬ ሞቶ፣ ጀግናችን ከድልድዩ ማዶ ቆሟል፤ ጥሩሩን ሙሉ በሙሉ አውልቆ፣ ራቁቱን፣ በአናቱ ላይ ግን ጥቁር ድስት ደፍቷል። ያ ድስት ጌሙ ለቀልድ የሰጠን ዕቃ ነው፤ ማንም ለብሶት አያውቅም፣ ለምንም አይጠቅምም። ማጫወቻው ደግሞ ቦስ በሞተ ቁጥር በራሱ ፎቶ አንስቶ ከነቀኑና ከነሰዓቱ ያስቀምጣል። ዕለቱ ዓርብ፣ ሰዓቱ የግምገማው ሰዓት ነው። በማስታወቂያ ሰሌዳው ላይ የተለጠፈው የዚያው ግምገማ ውሳኔ ደግሞ በሥራ ሰዓት በጨዋታ የሚባክነውን ጊዜ ለመቀነስ ኮሚቴው በሙሉ ድምፅ መስማማቱን ይገልጻል። ሙሉ ድምፁንስ እኛም ሰምተነዋል።

ወዲያው ወራቤ ደወልኩ። ሰልሳቢል ድስቱ እንዳለ ስነግራት እናቷ አልጋ አጠገብ ሆና ድምፅዋን አፍና ሳቀች፣ ከዚያ ሁሉንም ነገረችኝ። ሐሙስ ዕለት፣ ክቡር ሆይ፣ ሊሰናበቷት ወደ ሱቋ መጥተው ነበር። ቀበቶ አገላብጠው አይተው፣ ስለ እናቷ ጤና ጠይቀው፣ በመጨረሻም ለሪፖርት ብለው የዘቡ የመጨረሻ መናወጥ በምን እንደሚታለፍ ጠየቋት። እሷ መልሱን አግኝታው ነበር፤ ለብቻዋ ስታስብ ደርሳበት፣ ዓርብ ወንበሩ ላይ ተቀምጠን ለእኔ ልታሳየኝ አስቀምጣው ነበር። ለእርስዎ የነገረችዎ በአንድ ውል ነው፤ ዓርብ ከሰዓት በኋላ ጥጉን ለእኛ እንዲለቁልንና ብንሞትም እንዳያስነሱን። እርስዎም እጅዎን ደረትዎ ላይ አድርገው ቃል ገቡላት፣ ገለቶማ ብለውም አመሰገኗት።

በስልክ ያለችኝን እንዳለ ልጥቀሰው፤ ምንም አልጨመርኩበትም።

"ጥሩሩን ማውለቁ እውነት ነው። ጀግናው ሲቀለው ርቆ ይንከባለላል፣ መናወጡ አያገኘውም። ድስቱን ግን የጨመርኩት እኔ ነኝ። ቃሉን ቢበላ ማን እንደበላው እንድታውቂ ብዬ ነው።"

እንግዲህ ክቡርነትዎ፣ የአንድ ማዕከል ኃላፊ፣ ከነኮሚቴው፣ የግምገማ ወረቀት በር ላይ ለጥፎ፣ ድስቱ ለድል እንደሚያስፈልግ ከልቡ አምኖ ጀግናውን ራቁቱን ድስት አስደፍቶ ድልድይ ላይ ማሰማራቱን ሳስብ፣ በሌላ ጊዜ ቢሆን ኖሮ ሆዴን ይዤ እስቅ ነበር። አልሳቅሁም። አንዲት ሴት ከታመመች እናቷ ዘንድ ከመሄዷ በፊት የለመነችው አንድ ከሰዓት በኋላ ነበር፣ እርስዎም ውለታዋን ወስደው ከሰዓት በኋላውን ነፈጓት። ዘቡን መግደልዎ አላስቆጨኝም፤ ከእኛ ፈጥነው ቢገድሉት ጭብጨባ ነበረኝ። ያስቆጨኝ፣ ቃልዎን አምና ስትመጣ በሩን ከውስጥ መቆለፍዎ ነው። እኔ ስንት ሰው ስጠረጥር፣ ሚልኬሳን ሳይቀር ስጠረጥር፣ ማንንም የማትጠረጥር እሷ ብቻ ነበረች፤ እሷም እንኳ ድስት ጨምራበታለች።

ድልዎን ለማንም መናገር አለመቻልዎም ያሳዝነኛል። ባጃጅ ሁሉ ጥሩንባ እየነፋ ሊያጅብዎት የሚገባ ሰው፣ ትውልድ የሚያባክን ብለው የፈረጁትን ጌም በግምገማ ሰዓት ስላሸነፉ፣ ደስታዎን ዋጥ አድርገው ቢሮ ቁጭ ብለዋል። ይህ ደብዳቤ ቢያንስ ያን ሸክም ያቃልልልዎታል ብዬ አምናለሁ፤ ከዛሬ ጀምሮ ከተማው ሁሉ ያውቅልዎታል።

የምጠይቅዎት አንድ ነገር ብቻ ነው። ሰልሳቢል ሱቁን በወግ ለአብራር ልታስረክብ በሐምሌ አጋማሽ ለጥቂት ቀን ወደ አምቦ ትመለሳለች፤ እናቷም እየተሻላቸው ነው። በዚያ ሰሞን አንድ ከሰዓት በኋላ ጌሙ ከመጀመሪያው እንዲጀመር፣ ዘቡም ወደ ድልድዩ እንዲመለስ፣ ደንብዎም ለዚያች ዕለት ከጥጉ እንዲነሳና የሞተ እንዲቀመጥ በአክብሮት እጠይቃለሁ። እርስዎም እንደለመዱት ከወንበራችን ጀርባ እጅዎን አጣምረው ቢቆሙ አንከለክልዎትም። የምትገድለው እሷ ትሆናለች፤ እኔ አጠገቧ እቀመጣለሁ።

የቁልፎች ሁሉ ባለአደራ፣ የግምገማ አባት፣ የምሳ ሰዓት አርበኛ ለሆኑት ለእርስዎ ያለኝን የማይነጥፍ አክብሮት በድጋሚ እየገለጽኩ፣ ለእርስዎም ለኮሚቴዎም ረጅም ዕድሜ፣ የቀና ሪፖርትና ፈጣን ጣት እመኛለሁ። ነጋቲ፣ ደህና ይሁኑ።

ዘወትር የምትጠረጥርዎ
ኤቢሴ ረጋሳ
አምቦ፣ ሰኔ 2016 ዓ.ም.

ልረሳው የነበረ፦ ከድልድዩ ማዶ ባለው አገር የሚጠብቁት ሁለት መንትያ ቀስተኞች ናቸው። ከሰኞ ወዲህ በየምሳ ሰዓቱ ጠርሙሱ እየጎደለ፣ ጀግናው መንትዮቹ በር ላይ ቆሞ ስለማገኘው፣ እርስዎ እዚያ እንደተጣበቁ አውቃለሁ። እነሱ የሚወድቁበትን መንገድ ሰልሳቢል አግኝታዋለች፣ ለእኔም በስልክ ነግራኛለች። ልንነግርዎ ፈቃደኞች ነን፤ በዚህኛው ውል ግን ቀድሞ የሚከፍለው እርስዎ ነዎት፣ በሩም ከውጭ በኩል በእኛ እጅ ይከፈታል። እስከዚያው ድስቱን እንዳያወልቁ አደራ፤ ለሚመጣውም ትምህርት የግድ ያስፈልጋል።